ምሰሶ የሌለው ዳስ

የልጄ ልጅ ባሕር ዳር ሲያስታምመኝ ሰንብቶ፣ የተሻለኝ ዕለት "ትንሽ ይንሸራሸሩ" ብሎ አንድ ትልቅ ቤት ይዞኝ ገባ። በጣራ ሥር ኳስ የሚጫወቱበት ቤት ነው። ሰው ዙሪያውን ደረጃ በደረጃ ተቀምጧል፤ መሐሉ ክፍት ነው። ልጆቹ እዚያ ክፍቱ ላይ ይሯሯጣሉ፤ እነሱ ሲያርፉ ሙዚቃ ይለቀቅና ሌሎች ወጥተው ይጨፍራሉ። እኔ ግን ጣራ ጣራውን ነበር የማየው። ያን ያህል ስፋት፣ መሐሉ ላይ አንድ ምሰሶ እንኳ የለውም።

"አያቴ፣ ጨዋታው ታች ነው፤ ላይ ምን ጠፋብዎት?" አለኝ።

"ምሰሶውን እየፈለግሁ ነው" አልሁት።

ሳቀ። እኔም ሳቅሁለት። ከዚያ በላይ አልጠየቀኝም፣ እኔም አልነገርሁትም። አሁን ቤቴ ተመልሻለሁ፤ ጊዜም አለኝ፤ ቀስ እያልሁ ልጻፈው። ፊደል የቆጠርሁት ቄስ ደጅ ጥቂት ጊዜ ተቀምጬ ነውና የተሳሳተ ቢኖርበት እለፉልኝ።

በእኔ የጉብዝና ዘመን፣ በንጉሡ ጊዜ፣ ወረታ ማለት መንገድ ዳር የተደረደሩ ጥቂት ቤቶች ነበረች። ሰው በጣራ ሥር ተሰብስቦ የሚጫወትበት ቤት አልነበራትም። ቤተ ክርስቲያኑ የጸሎት ነው፤ ጠላ ቤቱ ጠባብ ነው። ሜዳው ደግሞ፣ ፎገራ መቼም ዓይን እስኪደክም ሜዳ ነው፣ ፀሐዩም ነፋሱም አያስቀምጥ። ከሰዓት በኋላ ከጣና የሚነሣው ነፋስ የከበሮውን ድምፅ ከሚመታው ሰው እጅ ነጥቆ ይወስደዋል። ስለዚህ የእኛ ጨዋታ ዳስ ውስጥ ነበር። ጥር ሲገባ፣ እህሉ ተወቅቶ ሽምብራው ገና እሸት ሳለ፣ በየመንደሩ ለሰርግ ዳስ ይጣላል። ባላው ይተከላል፣ አግዳሚው ይጋደምበታል፣ በልጥ ይታሰራል፣ ላዩ ከጣና ዳር በመጣ ደንገል ይለብሳል። ውስጡ ዙሪያውን መደብ ይሠራል፤ መሬቱ ላይ ጨፌ ሣር ይጎዘጎዛል። የሙሽራው ወገን በአንዱ በኩል፣ የሙሽሪት ወገን በሌላው በኩል ይቀመጥና መሐሉ ለሚጫወተው ይለቀቃል። እዚያ መሐል ግጥም ይገጠማል፣ ይፎከራል፣ ትከሻ ይነቀነቃል፣ ሁለቱ ወገን በዘፈን ይሰዳደባል። መሐል የገባ ሰው መሸሸጊያ የለውም። ጎበዝም ከሆነ እዚያ ይታያል፣ ደረቅም ከሆነ እዚያ ይታያል።

እሷን ያየኋት እንዲህ ባለ ዳስ ውስጥ ነው። ከሪብ ወንዝ ማዶ፣ ወደ ጣራ ገዳም አቅጣጫ ባለ መንደር፣ ለጓደኛዬ ሚዜ ሆኜ ሄጄ። ከበሮ ይዛ ታዘፍን ነበር። ቁመቷ ረዘም ያለ፣ ፊቷ ጠይም፣ ሳቋ ወደ ጥርሷ ከመድረሱ በፊት ዓይኗ ላይ የሚታይ። ጓደኞቼ ገፍትረው መሐል አስገቡኝ። እኔ ደግሞ ዓይነ አፋር ነበርሁ፤ ገብቼ ቆምሁ። ቆሜ ቀረሁ። ያን ጊዜ ከበሮዋን ቀስ አድርጋ፣

"የፎገራ ጎበዝ ወተት አሳደገው፣
ትከሻውን ቢሉት እንቅልፍ እንቅልፍ አለው"

አለችኝ። ዳሱ በሳቅ ሊፈርስ ደረሰ። አንዷ አሮጊት ከወዲያ ሆና "ተይው፣ አልጋ አንጥፊለት!" ብላ ጮኸች። እኔም ሳልወድ በግዴ ሳቅሁ፤ ሲስቁብኝ ደስ ያለኝ ያን ቀን ብቻ ነው። ቤቴ ስመለስ ለእናቴ ነገርኋት። እናቴ ለአባቴ ነገረችው። አባቴ ሽማግሌ ላከ።

ሽማግሌ ሲላክ እንደ ደንቡ ዘር ተቆጠረ። ሰባት ቤት ሳይሞላ የሚገናኙ ሰዎች አይጋቡም፤ ይህ በእኛ አገር ቀልድ የለውም። የእነሱ ወንዶችና የእኛ ወንዶች ዋርካ ሥር ተቀምጠው በአባት በኩልም፣ በእናት በኩልም ቆጠሩ። "አይገናኙም" ተባለ። ቀን ተቆረጠ።

እኔ ለአባቴ አንድ ወንድ ልጅ ነበርሁ። አባቴ ዕድሜውን ሙሉ በሰው ሰርግ የበላ ሰው ነው፤ "አሁን ደግሞ እነሱ የእኔን ይብሉ" ይል ነበር። ዳስ በመጣል የታወቀ ጎረቤት ነበረን፤ ያን ሰው አስጠራው።

"መሐሉ ላይ ምሰሶ አልፈልግም" አለው። "ልጄ ከነሚዜዎቹ ሲገባ ማንንም የሚከልል ነገር እንዳይኖር። ወርዱም ከዚህ እስከዚያ በረት ድረስ።"

ሰውየው በረቱን አየና ጢሙን አሸት አሸት አደረገ። "ይቻላል። ረዥም ባሕር ዛፍ ከአዲስ ዘመን በኩል ይምጣልኝ። ግን ጌታው . . ."

"ግን ምን?"

"ይህን የሚሞላ ሰው አለዎት? ግማሹ ባዶ ከቀረ ነፋሱ ነው የሚጨፍርበት።"

ያን ዕለት ማታ አባቴን ሲበላም ሲያስብ አየሁት። በነጋታው ዘመድ መጥራት ጀመረ። የቅርቡ አለቀ። ከዚያ በሐሙሲት ገበያ ቀን ሰው ልኮ የሐሙሲቱን ዘመድ አስጠራ። እሱም አልበቃው። ደራ አገር፣ አንበሳሜ ድረስ፣ አባቱ "እዚያ ወገን አለን" ይለው ለነበረ፣ እሱ ራሱ ግን አይቶት ለማያውቅ ሰው ሁሉ ጥሪ ላከ።

እናቴ "እነዚህን የአንበሳሜዎቹን የት ታውቃቸዋለህ?" አለችው።

"ዘመዶቼ ናቸው።"

"ዘመዶችህ ከሆኑ እስከ ዛሬ የት ነበሩ?"

"እስከ ዛሬ እንዲህ ያለ ዳስ የት ነበረ?" አላት፤ እሷም ሳቀችና ተወችው።

ዳሱ ቆመ። ምን ዓይነት ዳስ! ከወረታ የመጡ ነጋዴዎች ሳይቀሩ ገብተው ቀና ብለው ያዩት ነበር። ረዣዥሞቹ እንጨቶች ከግራና ከቀኝ መጥተው ላይ ተቃቅፈዋል፤ ከሥራቸው ምንም የለም፤ ክፍት ነው። ድምፅ ሲያወጡበት ሞልቶ ይመለሳል። ሰርጉ ሳይደርስ ብቻዬን ገብቼ እንደ እብድ አንዴ ጮኼበት አውቃለሁ። እሷ እዚህ ውስጥ ከበሮ ይዛ ስታዘፍን እንዴት እንደሚሰማ ነበር የማስበው።

በሰርጉ ቀን ከነሚዜዎቼ እነሱ ዘንድ ሄደን አድረን፣ ሙሽሪትን ይዘን የተመለስነው በማግሥቱ ከሰዓት በኋላ ነው። ዳሱ ጢም ብሎ ሞልቷል። አባቴ በር ላይ ቆሞ እያየው ዓይኑን በጋቢው ጫፍ ጠረገ፤ እኔ በደስታ ነው አልሁ፣ በደስታም ነበር። እሷ ካባ ለብሳ፣ ፊቷን በሻሽ ተሸፍና፣ ከጎኔ መደቡ ላይ ተቀመጠች። እጇ ከካባው ሥር ወጣ ብሎ ከእጄ አጠገብ መደቡ ላይ አርፏል። አልነካሁትም። ጊዜ አለኝ ብዬ።

ጨዋታው ሞቀ። ሁለቱ ወገን ዘር እየጠራ ይፎካከር ጀመር። የእኛዎቹ "የከብት ጌታ፣ የወተት ባሕር" አሉ። የሙሽሪት አክስት፣ የእናቷ ታላቅ እህት ናት፣ አንደበቷ እንደ ምላጭ የሆነ ሴት፣ ነጠላዋን አገልድማ መሐል ገባች።

"ወተትማ ላሟ ናት የሰጠቻችሁ፣ እናንተ ምን አደረጋችሁ!" አለች። ተሳቀ። "የእኛን ልጅ ዘር ልንገራችሁ። አያቷን፣ የእኔን እናት፣ እናቷ ከደራ አዝላ፣ ሪብን በእግሯ ተሻግራ ያመጣቻት ናት! ባል አስከፋኝ ብላ ልጇን አዝላ ወንዝ የተሻገረች ሴት ዘር ናት! የእኛን ልጅ ያስከፋ ይሞክራት!"

ሴቶቹ እልል አሉ። ከእኛ ወገን ግን፣ ከአንበሳሜ ከተጠሩት አንድ ሽማግሌ፣ ነጭ ጋቢ የለበሱ፣ ቀኑን ሙሉ ከጠላቸው በስተቀር ምንም ያልነኩ፣ እጃቸውን አነሡ።

"እመቤቴ፣ ያች የታዘለችው ልጅ አባቷ ማን ነበር?"

"አባቷማ እዚህ ሪብ ማዶ ያሳደጋት ነዋ፣ አገር ያውቀዋል።"

"ያሳደጋትን አይደለም። የወለዳትን ነው።"

"አባቴ፣ የሚጠይቁኝ እርስዎ ነዎት ወይስ ጠላው?"

ዳሱ ተንጫጫ። እሳቸውም ፈገግ አሉ፤ ግን እጃቸውን አላወረዱም። ሴቲቱም በኩራቷ፣ የሚደበቅ ነገር ነው ብላ ስላላሰበች፣ የወላጅ አያቷን ስም ጠራች። "ደራ ቀርቷል። ቀኝ እጁ ላይ ስድስት ጣት ነበረው ይባላል። እናታችን አይታው አታውቅም" አለች።

ሽማግሌው ጋቢያቸውን ወደ ፊታቸው ሳቡት። ከዚያ ጎንበስ ብለው ከመሬቱ ጨፌ መልቀም ጀመሩ። አንድ፣ ሌላ፣ ሌላ። አባቴን ጠርተው አጠገባቸው አስቀመጡትና ጨፌውን መደቡ ላይ በሁለት ረድፍ ይደረድሩለት ጀመር። እኔ ከነበርሁበት ድምፃቸው ይሰማኛል። መሐሉን የሚዘጋ ምሰሶ የለም፤ ሁሉንም አያለሁ።

"ይህ ልጅህ። ይህ አንተ። ይህ አባትህ። ይህ አያትህ። ይህ የአያትህ አባት። ይህ ደግሞ የእሱ አባት፣ ደራ የተቀበረው።" ከዚያ ወደ ሁለተኛው ረድፍ። "ይህች ሙሽሪት። ይህች እናቷ። ይህች አያቷ። ይህ ባለ ስድስት ጣቱ፣ የእኔ አጎት ነው፣ በልጅነቴ ያዝለኝ ነበር። ይህ የእሱ አባት። ይህ . . ." የመጨረሻዋን ጨፌ መደቡ ላይ ሳያሳርፉ ከአባቴ ረድፍ ጫፍ ላይ ካለችው ጋር አጋጠሟት። "ይህ ያው እሱ ነው።"

"ተቆጥሯል እኮ!" አለ አባቴ። "ዘር ተቆጥሯል!"

ተቆጥሮማ ነበር። ግን የቆጠሩት ወንዶቹ ናቸው። አያቷን ባሳደጋት በእንጀራ አባቷ ስም ሲጠራት የኖረ ሰው ሁሉ፣ በዚያው በእንጀራ አባቷ ቆጥሮ ሰባት ቤት ሞላ። ሴቲቱ ታውቅ ነበር፤ ዋርካው ሥር ግን ማንም ጠርቶ አልጠየቃትም። እነሆ አሁን ሳይጠይቋት በፉከራ ተናገረችው። አምስት ቤት። እዚያው ደራ ላይ ተገናኘን።

ከበሮው መቼ እንደቆመ አላውቅም። አባቴ የንስሐ አባታችንን አየ። ቄሱ በዳሱ ራስጌ በኩል ተቀምጠው ነበር። ሽማግሌው ሲያለቅሱ እያዩ፣ "እርግጠኛ ነዎት?" ብለው ጠየቋቸው።

"አባ፣ እርግጠኛ ባልሆን ደስ ይለኝ ነበር" አሉ ሽማግሌው።

ቄሱ መስቀላቸውን በሁለት እጃቸው ያዙ። ያን ጊዜ ከጎኔ፣ ከሻሹ ሥር፣ ቀኑን ሙሉ ያልሰማሁት ድምፅ ወጣ። ሙሽራ አይናገርም፤ እሷ ግን ተናገረች።

"አባ፣ እንዳልሰማን ቢሆንስ?"

"ልጄ፣ እኔ ሰምቻለሁ" አሏት። ቁጣ የለበትም። ይልቅስ እንደ መለመን ነበር ያሉት።

አክስቷ መጥታ "ተነሽ፣ ልጄ" አለቻት። አልተነሣችም። ሁለተኛ "ተነሽ" አለቻት፤ የሷም ድምፅ ተሰብሮ ነበር። ተነሣች። ከሙሽራ መደብ አንሥተው፣ ያን ሁሉ ክፍት ቦታ አሻግረው፣ ከእኛ ወገን ሴቶች መሐል፣ ከአባቴ እህቶች አጠገብ አስቀመጧት። ዘመድ ናትና። እጇ ያረፈበት መደብ ባዶ ሆነ።

ሰው ሁሉ አባቴን ያይ ነበር። ዳሱ ሙሉ ነው፣ ጋኑ ሙሉ ነው፣ በሬው ታርዷል። አንዳንዱ ጋቢውን እያስተካከለ ለመነሣት ተዘጋጅቷል። አባቴ ወደ በሩ አየ፣ ወደ ጣራው አየ፤ ያ ዳስ ባዶ ሲሆን ማየት አልቻለም መሰለኝ። መሐል ገባና፣

"ምራት አመጣለሁ ብዬ ልጅ አመጣሁ" አለ። "የጠፋ ዘመድ ነው ያገኘነው። ይህ ለቅሶ አይደለም። ማንም እንዳይሄድብኝ። ምቱ!"

መቱ። መጀመሪያ አንድ ሰው፣ ቀጥሎ ሁለት፣ ከዚያ ዳሱ ሁሉ። የእነሱ ወገንና የእኛ ወገን ተደባልቆ፣ አንድ ዘር ሆኖ ጨፈረ። ያን ያህል የሞቀ ጨዋታ ወረታ አካባቢ አልታየም ሲባል ብዙ ዘመን ሰምቻለሁ። እኔ የሙሽራ ካባዬን እንደለበስሁ ብቻዬን መደቡ ላይ ነበርሁ። አውልቅ ያለኝ ሰው የለም፤ ማውለቅ ይኑርብኝ አይኑርብኝ እኔም አላወቅሁም። በጨፋሪዎቹ መሐል ወዲያ ማዶ አያታለሁ። አንዴ ሻሿን ገለጥ አድርጋ አየችኝ። አባቴ አጠገቧ ሄዶ ግንባሯን ሳመ፣ አባት ልጁን እንደሚስም፤ እሷም ጉልበቱን ስማ መሬት መሬት አየች።

በነጋታው ወገኖቿ ወሰዷት። የአንበሳሜው ሽማግሌ በቅሏቸው ላይ ከወጡ በኋላ እንደገና ወረዱና ወደ እኔ መጡ። "ልጄ፣ ባይጠሩኝ ኖሮ አልመጣም ነበር" አሉኝ። እውነታቸው ነው። ዳሱ አነስ ቢል ኖሮ የእኛ መንደር ብቻ ይሞላው ነበር፤ ወግ ያለው፣ ጠባብ፣ መሐሉ ላይ ምሰሶ ያለው ዳስ ቢሆን ኖሮ አንበሳሜን ማን ያስታውስ ነበር? ይህን አባቴ አንድም ቀን በቃሉ አላወጣውም። ዳሱን ግን እሱ ራሱ ነው ያፈረሰው፤ ማንንም አላስጠጋም። ደንገሉን ከብቶቹ በሉት። ረዣዥሞቹ እንጨቶች ከበረቱ ኋላ ተጋድመው ምስጥ እስኪጨርሳቸው ድረስ ቀሩ። ለምንም እንዲቆረጡ አልፈቀደም።

እናንተ ደግሞ "ከዚያስ?" ትሉኝ ይሆናል። ከዚያማ ዘመድ ሆንን። ሐዘን ሲደርስባቸው እንሄዳለን፤ ሲደርስብን ይመጣሉ። ወረታ ገበያ ስንገናኝ ጉንጭ ለጉንጭ እንሳሳማለን። በመጀመሪያው ቀን ምን ብላ እንደምትጠራኝ ግራ ገብቷት ቆመች፤ ከዚያ "አያ" አለችኝ፣ ታላቅ ወንድም እንደሚጠራው። ከዚያን ቀን ጀምሮ "አያ" ሆኜ ቀረሁ። ጨው ትገዛለች፣ እኔ ሰንጋ አያለሁ፤ "እናትሽ ደህና ናቸው?" እላታለሁ፤ "ደህና ናቸው፣ አያ" ትለኛለች። ይኸው ነው። ከዚያ የበለጠ አልተነጋገርንም፤ ከዚህ ያነሰም አልነበረም።

በሌላው ዓመት ጥር እናቷ ሰው ላኩ። ልጃቸውን ሊድሩ ነው። "ወንድም የላትም፤ ወንድሟ አንተ ነህና ና" ብለው። እናቴ "አመመኝ በል" አለችኝ። አባቴ ግን የእሱን በቅሎ ጭኖ አቆመልኝ። ሄድሁ።

ዳሱ ትንሽ ነበር፣ መሐሉ ላይ ወፍራም ምሰሶ የቆመበት። ከምሰሶው ኋላ ተቀመጥሁ፤ ማንም አላየኝም፣ እኔም ብዙ አላየሁም። ለዚያ ምሰሶ እግዜር ይስጠው አልሁ በልቤ። ሲበላ፣ ሲዘፈን ቆይቶ፣ የመሄጃዋ ሰዓት ሲደርስ አክስቷ፣ ያቺው ባለ አንደበቷ ሴት፣ ዳሱ መሐል ቆማ "የሙሽሪት ወንድም የታለ?" ብላ ጠራች። ቀልድ አልነበረባትም። ዓይኗን ከእኔ ታሸሽ ነበር።

በእኛ ደንብ ሙሽሪትን ከአባቷ ቤት አቅፎ አውጥቶ በቅሎ ላይ የሚያስቀምጣት ወንድሟ ነው። ገባሁ። ካባ ለብሳ፣ ፊቷን በሻሽ ተሸፍና ቆማለች። አቀፍኋት። ያን ጊዜ ነው እጄ የነካት፤ ከዚያ በፊት፣ ገበያ ላይ ጉንጭ ከመሳም በቀር፣ አንድም ቀን ነክቻት አላውቅም። ሴቶቹ እልል እያሉ፣ ሕዝቡ መንገድ እየለቀቀልኝ፣ በዳሱ መሐል ይዣት አለፍሁ። ትከሻዬ ላይ ትንፋሿ ይሰማኛል። አታለቅስም። እኔም አላለቀስሁም፤ ሰው ሁሉ እያየን ነው።

ባሏ በቅሎዋን ይዞ ቆሟል። ደህና ሰው ነው፣ ፊቱ የዋህ። ጎንበስ ብሎ እጅ ነሣኝና "አማቼ፣ አደራዎን እቀበላለሁ" አለኝ። እኩያዬ ሆኖ ሳለ አንቱ ሲለኝ አፈርሁ። ቀስ አድርጌ ኮርቻው ላይ አስቀመጥኋት፣ እግሯን ርካቡ ላይ አስገባሁላት፣ ካባዋን አስተካከልሁላት። ዘፈኑ ቀጠለ፣ በቅሎዋ ግን አትንቀሳቀስም፤ ሚዜዎቹ ሲጠብቁ አየሁ። ምን እንደሚጠብቁ አልገባኝም።

ያን ጊዜ ከሻሹ ሥር፣ ለእኔ ብቻ በሚሰማ ድምፅ፣

"አያ፣ ተቀምጫለሁ እኮ። ልቀቀኝ" አለችኝ።

እጄን አየሁት። እውነትም አልለቀቅኋትም ነበር።

ለቀቅኋት።